የዱላዎቹ ሰልፍ

ፍቅር ሰዓት አያውቅም የሚል ሰው የምርጫ ጣቢያ ኃላፊ ሆኖ አያውቅም። ወንጌላዊት በዚያ የሰኔ ቀን ከሰዓት በኋላ ዓይኗን ከእጅ ሰዓቷ ላይ መንቀል አቅቷት ነበር። ድምፅ መስጠት የሚያበቃው አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ነው፤ አሥራ አንድ ካለፈ ቆይቷል። ከትምህርት ቤቱ የሽቦ አጥር ውጭ፣ ጠዋት ሕዝብ ተጋፍቶ በቆመበት ሜዳ ላይ፣ አንድ ሰው የለም። ያለው ዱላ ብቻ ነው።

ከበሩ ጀምሮ እስከ ባሕር ዛፎቹ ድረስ ዱላ በዱላ ኋላ ተጋድሟል። የወይራው፣ የቀርከሃው፣ የሽማግሌው ከዘራ፣ በመሃል በመሃሉ ደግሞ ሴቶቹ ያስቀመጡት ድንጋይ። ዝናብ ሲመታው ውሎ ረጥቧል። ወንጌላዊት ደጋግማ ታየዋለች። የትዳሯ ነገር እዚያ ሣር ላይ ተጋድሞ ነበርና አይፈረድባትም።

ነገሩን ከሥሩ ልንገራችሁ። ወንጌላዊት የአርባ ምንጭ ልጅ ናት። ከሮብ ገበያ ከተማ በላይ፣ ወደ ጮቄ ተራራ ወደተጠጋችው ቀበሌ መምህርት ሆና የመጣችው በዕጣ ነው። ብርዱን ሳትለምደው እንዳላማውን ለመደችው። እንዳላማው የቀበሌው የከብት ሐኪም ነው። አንድ ቀን ከትምህርት ቤቱ ደጃፍ አንዲት ላም ሲያክም ቀና ቢል ዓይን ለዓይን ተገጣጠሙ፤ ሁለቱም ቶሎ ዓይናቸውን አላነሡም፤ ላሟ ግን ታክማ ሄደች።

መሃል ላይ የቆሙት አባቱ ናቸው። አቶ ጀምበሩ በዚያ አገር የተጣላ ሁሉ የሚታረቅባቸው፣ ድምፃቸውን ከፍ ሳያደርጉ የሚደመጡ ገበሬ ናቸው። «ልጅቱን አልጠላኋትም» ይላሉ። «ግን ሽማግሌ የምሰደው ወዴት ነው? ዘመዷን ማን አውቆት? አርባ ምንጭ ሩቅ ነው።» ሁለት ዓመት ሙሉ ይህንኑ ሲሉ ኖረው፣ ባለፈው ሳምንት ግን «ምርጫው ይለፍና እናያለን» ብለው ነበር። እሳቸውን የመሰለ አባት «እናያለን» ካለ ግማሹን መንገድ መጣ ማለት ነው። እንዳላማው ይህን ሊነግራት ሲሮጥ በመጣ ቀን ሁለቱንም እንቅልፍ አልወሰዳቸውም።

ምርጫው ደግሞ የእሳቸው ምርጫ ነው። በክልሉ ምክር ቤት አንድ መቀመጫ ክፍት ሆኖ የማሟያ ምርጫ ተጠርቶ፣ አቶ ጀምበሩ በግላቸው ዕጩ ሆነው ቀረቡ። ወንጌላዊት የጣቢያው ኃላፊ ስትደረግ የልቧን ነገር ለአሠልጣኞቹ ሳትደብቅ ነግራቸዋለች። «አልተጋባችሁ፣ ዘመድ አይደላችሁ» ብለው አሳለፏት። ደብረ ማርቆስ ያሉት የምርጫ ቦርድ ሰዎች «በእርሻ ወራት ለማሟያ ምርጫ ማን ይወጣል?» ሲሉ ነበር። ሕዝቡ ግን ገና ሳይነጋ ግልብጥ ብሎ ወጣ።

ሁለት ሰዓት ገደማ፣ ሰልፉ ገና ሩቡ እንኳ ሳይገባ፣ የዕድሩ ጡሩንባ ተነፋ። እማሆይ ወለተ ኪዳን ዐረፉ። እማሆይ በዚያ ቀበሌ ያላዋለዱት ሰው የለም፤ ሰልፉ ላይ የቆመው ሁሉ ማለት ይቻላል በእሳቸው እጅ ነው ዓለምን ያየው። የሚቀበሩትም ወንዝ ማዶ፣ ሲያገለግሉት በኖሩት ደብር ነው።

እንዳላማው በመስኮቱ ብቅ አለ። «ወንጌል፣ እማሆይ ዐርፈዋል። ሰዉ ቀብር ሊወጣ ነው፤ ሲያበቃ ተመልሶ ይመርጣል።»

ወንጌላዊት በዚያች ደቂቃ የድምፅ መስጫ ወረቀት ከጥራዙ እየገነጠለች፣ ደብሪቱ የምትባለው መዝጋቢ ደግሞ «ይህን ስም አላገኘሁትም» እያለች ትጨቀጭቃት ነበር። «እሺ፣ እሺ» አለችው ቀና እንኳ ሳትል። ቆይታ ወደ ውጭ ስታይ ሰዉ ሄዶ ዱላው ሣር ላይ ተደርድሯል። ጠዋት «ዱላ ይዞ መግባት አይቻልም» ብላ ስለነበር ትእዛዟን የሰሙ መስሏት ደስ አላት። የአቶ ጀምበሩ ወኪል ሳይቀር ወንበሩን ትቶ ለቀብር ሄዷል።

ነገሩ የገባት ከምሳ በኋላ ነው።

«ዱላቸውን ምነው አልወሰዱትም?» ብላ ደብሪቱን ጠየቀቻት።

ደብሪቱ ሳቀች። «ኧረ አንቺ! ተራ ይዘው እኮ ነው የሄዱት። ወፍጮ ቤት ጆንያ፣ ቧንቧ ላይ ጀሪካን፣ እዚህ ደግሞ ዱላ። በሰው ተራ የሚገባ እዚህ አገር የለም።»

ወንጌላዊት ግን አልሳቀችም። ጮቄ ላይ ሰማዩ ጠቁሮ፣ ወዲያው በረዶ የቀላቀለ ዝናብ ወረደ። ወንዙ ሞላ። ኔትወርኩም ጠፋ፤ ማርቆስ ደውላ ምን ላድርግ እንዳትል ስልኳ ከድንጋይ አልተሻለም።

የተፎካካሪው ወኪል አንተነህ ክፉ ሰው አይደለም፤ ግን ለሥራው የመጣ ሰው ነው። ወደ ጆሮዋ ጠጋ አለ።

«መምህርት፣ እነዚያ ዱላዎች የመራጭነት ካርድ አላቸው እንዴ?»

«የላቸውም።»

«እንደዚያ ካልሽ እግዜር ይስጥልኝ። ከአሥራ ሁለት በኋላ አንድ ሰው ቢገባ አቤት እላለሁ። የጠዋቱም ድምፅ አብሮ ሊሰረዝ እንደሚችል ታውቂያለሽ። ደግሞ ሰው ስላንቺና ስለ ልጃቸው የሚያወራውን እኔም እሰማለሁ።»

ፊቷ ጋለ። ሕጉን ከእሱ በላይ ታውቀዋለች። አሥራ ሁለት ሰዓት ሲሞላ የጣቢያው ፖሊስ ከመጨረሻው ተሰላፊ ኋላ ይቆማል፤ ከፊቱ ያለ ሰው ሁሉ ይመርጣል፤ ከኋላው የመጣ ግን ቀረ። ሰው ነው የሚለው። ሕጉን የጻፉት ሰዎች ወፍጮ ቤት ወረፋ ይዘው አያውቁም መሰለኝ፣ ስለ ዱላ ያሉት ነገር የለም።

አሥራ ሁለት ሊሞላ ጥቂት ሲቀረው፣ አንድ ሰው ከወንዙ በኩል እየሮጠ ብቅ አለ። እስከ ደረቱ ርሷል። ወንጌላዊት ገና ከሩቁ በአካሄዱ ለየችው፣ ልቧም ቀድሟት በሩ ላይ ደረሰ። «ጎሽ፣ እሱ እንኳ ደረሰ» አለች ለራሷ።

እንዳላማው ግን ወደ በሩ አልመጣም። በዱላዎቹ ጎን ቁልቁል ሄዶ ባሕር ዛፎቹ ሥር ደረሰና፣ ከመጨረሻው ዱላ ኋላ ቀጥ ብሎ ቆመ።

ወንጌላዊት ሰልፉን ተከትላ ወረደች። አንተነህ ከበሩ ላይ ሆኖ ስልኩን ለመቅረጽ እንዳዘጋጀ ሳታየው ታውቃለች።

«ምን እያደረግህ ነው፣ እንዳል?»

«ተራዬን ይዤ ቆሜያለሁ።» ትንፋሹ ቁርጥ ቁርጥ ይላል።

«ካርድህን ይዘህ ከሆነ ና ግባ፤ ሰዓቱ ሳይሞላ።»

«ይዣለሁ። የኔ ተራ ግን እዚህ ነው። ፖሊሱ ከመጨረሻው ሰው ኋላ ይቆማል፣ ከፊቱ ያለ ሁሉ ይመርጣል ብለሽ የነገርሽኝ አንቺ አይደለሽም?»

«ነኝ።»

«የመጨረሻው ሰው እኔ ነኝ። ከፊቴ ያለውን ደግሞ ታይዋለሽ።»

«የማየው ዱላ ነው።»

«ዱላ አይደለም!» ጎንበስ ብሎ እያንዳንዱን በጣቱ ያሳያት ጀመር። «ይሄ ጋሼ ትዕዛዙ ነው። ይቺ ድንጋይ እቴ ሥራነሽ ናት። ያ ከዘራ…» ጣቱ እዚያው ቆመ። «ያ ከዘራ አባቴ ነው።»

ወንጌላዊት ከዘራውን አወቀችው። ሁለት ዓመት ሙሉ በሩቁ የፈራችው ከዘራ ነው።

«ጠዋት እሺ ብለሽኛል» አለ እንዳላማው።

«ቀብር መሄዳቸውን ነው እሺ ያልኩት። ዱላቸው ተራ እንደያዘላቸው አላወቅኩም። ባውቅ እመነኝ፣ በሩ ላይ ቆሜ አስቀራቸው ነበር።»

«ያውልሽ፣ እየመጡ ነው!» ከወንዙ ማዶ ባለው ዳገት ላይ ነጭ በነጭ የለበሰ ሕዝብ ቁልቁል ይፈስሳል፤ ጎርፉ መለስ እስኪል እዚያው ታግዶ ኖሯል። «ትንሽ ብቻ፣ ወንጌል። ለምኜሽ አውቃለሁ?»

«አታውቅም።»

«እንግዲያው ዛሬ እለምንሻለሁ።»

እንዲህ ባለ ዓይን ሲያያት እምቢ ብላው አታውቅም። ያ ዓይን ነው በሰው አገር ያኖራት፤ የቤት ናፍቆት ሲያስለቅሳት፣ ብርዱ ሲያስመርራት፣ «ልመለስ» ስትል ያ ዓይን ነው የመለሳት። አሁን ግን እንደዚያ ሲያያት ፈራችው።

«ከጠበቅኩ የጠዋቱም ድምፅ ሊሰረዝ ይችላል» አለች።

«ሰበብ ነው!»

«ይሁን ሰበብ! ሰበቡ ባይኖርም አልጠብቅም። ነገ ሌላዋ ለሌላ ሰው አባት ሰዓት ብትገፋለት አንተ ምን ትላታለህ?»

«ስለ ሌላ ሰው አላወራሁም። ስለ እኔና ስላንቺ ነው! አባቴ ዛሬ በአንቺ እጅ ከወደቀ እኛ ምን ሆነን እንተርፋለን? ንገሪኝ!»

ሰዓቷን አየችው፤ ሞልቷል። እጇን ወደ ፖሊሱ አነሣች።

«ሰልፉ አንተ ብቻ ነህ፣ እንዳል» አለችው። «እዚህ ሜዳ ላይ እኔ የማየው አንተን ብቻ ነው። እባክህ ግባ።»

ፖሊሱ መጥቶ ከእንዳላማው ኋላ ቆመ። እንዳላማው ተመለከታት። አልተሳደበም፣ አልተቆጣም። ከዚያ ካርዱን ወደ ኪሱ መልሶ፣ ወደ በሩም ሳያይ፣ ዱላዎቹን ትቶ ሄደ። ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር አለች በልቧ።

ሕዝቡ ሲደርስ በሩ በሰንሰለት ታስሮ ነበር። መጀመሪያ አልገባቸውም፤ ሁሉም የየራሱን ዱላ ፈልጎ በየተራው ቆመና በሩ እስኪከፈት ይጠብቅ ጀመር። ወንጌላዊትን የገደላት ይህ ነው። ተጋፍተው ቢመጡ ኖሮ ይሻላት ነበር፤ እነሱ ግን በጨዋ ደንብ ተሰልፈው፣ ውሃ ከልብሳቸው እየተንጠፈጠፈ፣ ያዩዋት ነበር።

«ሰዓቱ አልቋል» አለች። «መምረጥ አትችሉም። ይቅርታ አድርጉልኝ።»

ያን ጊዜ ጩኸቱ ተነሣ። «ተራችን ነው!» «ዱላችን ይመስክር!» ሥራነሽ የተባለችው ሴት ድንጋይዋን እግሯ ሥር አድርጋ፣ «ከሩቅ አገር መጥታ በገዛ በራችን ዘጋችብን!» አለች። ወንጌላዊት ሽቦውን በሁለት እጇ ጨበጠች። ወደ ኋላ ማፈግፈግ አማራት፣ አላፈገፈገችም።

አቶ ጀምበሩ ሕዝቡን ከፈል እያደረጉ ወጡ። ጋቢያቸው ጭቃ ነክቶታል።

«ሰዓቱ ሞልቶ ነው የተዘጋው?» አሏት።

«ሞልቶ ነው፣ ጋሼ።»

«ከዚያ ወዲህ ማንም አልገባም?»

«ማንም።»

«ልጄስ?»

«ደርሶ ነበር። ግባ ስለው… ብቻውን ሊገባ አልወደደም፤ ሄደ።»

ሽማግሌው ዓይናቸውን በሕዝቡ መሃል አዙረው ልጃቸውን ፈለጉ፤ የለም። ጎንበስ ብለው ከዘራቸውን አነሡ።

«የሄድነው ለእማሆይ ነው» አሉ ወደ ሰዉ ዞረው። «እማሆይን በወጉ ቀብረናል። ዱላችሁን አንሡ፣ ወደየቤታችሁ ግቡ።»

አንድ በአንድ ጎንበስ እያሉ አነሡ። እሷን ያያት የለም። ሰልፉ ከሜዳው ላይ ሲነሣ ወንጌላዊት የአገሩ ሰው ሁሉ እሷን ትቶ የተነሣ መሰላት።

ቆጠራው ማታ በሶላር ፋኖስ ተደረገ። ወንጌላዊት እያንዳንዱን ወረቀት ከፍ አድርጋ እያሳየች ምልክቱን ጮክ ብላ ተናገረች፤ ሞፈር ሲሆን ሞፈር፣ አምፖል ሲሆን አምፖል። ሞፈር የአቶ ጀምበሩ፣ አምፖል የተፎካካሪያቸው ምልክት ነው። እሷም ጠዋት ሞፈር ላይ ነው ያመለከተችው፤ ይህን ግን ከእሷና ከፈጣሪ በቀር የሚያውቅ የለም። ከተመዘገበው ሕዝብ የመረጠው ግማሹ እንኳ አልሞላም። ሞፈር በጣቢያው አሸነፈ፣ ግን አገር የሚያክለው ደጋፊያቸው ሁሉ ቢመርጥ የሚያገኙትን ያህል አልነበረም። አንተነህ ሲፈርም አንገቱን ደፍቶ ነበር፤ እሱም ደስ አላለውም።

ሲነጋ ውጤቱን በሩ ላይ ለጠፈች። ኔትወርኩ ተመልሶ ኖሮ የሌሎቹም ጣቢያዎች ወሬ መጣ። አቶ ጀምበሩ ተሸንፈዋል። የጎደላቸው ድምፅ ከበር የተመለሰውን ሕዝብ ሩብ አይሞላም። ወንጌላዊት ይህን ስትሰማ ጥቁር ሰሌዳውን ተደግፋ ቁጭ አለች። ለእንዳላማው ደወለችለት፤ ስልኩ ዝግ ነው። ደጋግማ ደወለች፤ ያው ዝግ ነው።

ቀና ስትል አቶ ጀምበሩ ደጁ ላይ ቆመው ወረቀቱን ያነብባሉ። ብድግ አለች።

«ጋሼ፣ እኔ…»

«ቁጭ በይ። ልክ ነው የተጻፈው?»

«ልክ ነው።»

«በቃ፣ ልክ ከሆነ ልክ ነው።» መነጽራቸውን አወለቁ። «ልጄ ሌሊቱን ቤት አላደረም። ጎህ ሲቀድ መጥቶ ልብሱን ይዞ ወጣ። ካንቺ ተጣልቶ መስሎሽ ይሆናል።»

«ተጣልቶ ነው እንጂ። በእኔ እጅ ነው የወደቁት።»

«አይደለም። ስሚኝ ልጄ። ትናንት ጡሩንባው ሲነፋ እኔ ‹ግማሹ ይቅርና ይምረጥ፣ ግማሹ ይቅበር፣ ኋላ እንቀያየራለን› ብዬ ነበር። ‹ግዴለም አባቴ› ያለኝ እሱ ነው። ‹ሁላችሁም ዱላችሁን አኑራችሁ ሂዱ። ወንጌል የኔ ናት፣ እስክትመለሱ በሩን አትዘጋውም› ብሎ ለሕዝቡ ቃል ገባ። የሸሸው ያንን ነው። እኔን የጣለኝ እሱ እንደሆነ ያውቃል።»

ወንጌላዊት አፏን በእጇ ያዘች። ያ ሁሉ ልመና፣ ያ ባሕር ዛፍ ሥር መቆም፣ ለሕዝቡ የገባውን ቃል ለማትረፍ ነበር። ግን ደግሞ ሌላ ነገር ከሥር ወጋት፤ ሳይጠይቃት፣ በስሟ፣ በሕዝብ ፊት ቃል ገብቶባታል። አዘነችለትም፣ ተናደደችበትም፤ የትኛው እንደሚበልጥ ለመለየት አልቻለችም።

«ዕድሜዬን ሙሉ ሰው አስታርቄያለሁ» አሉ አቶ ጀምበሩ። «ለወዳጁ ያላደላ ሰው ያየሁት ጥቂት ነው። አርባ ምንጭ ሩቅ ነው እያልሁ ነበር።» መነጽራቸውን መልሰው አደረጉ። «ሩቅ አይደለም። ሽማግሌ እልካለሁ። ሙሽራውን ግን ፈልጊና አምጪልኝ፤ እኔ ብጠራው አይመጣም።»

ሁለት ዓመት የጠበቀችው ቃል ነበር። እልል የምትልበት አቅም ግን አልነበራትም።

የድምፅ ኮሮጆው ታሽጎ ወደ ማርቆስ ሲጫን ወንጌላዊት በፒክአፑ መኪና ጀርባ ላይ፣ ከፖሊሱና ከአንተነህ ጋር፣ ኮሮጆውን በጉልበቶቿ መሃል አድርጋ ተቀመጠች። መኪናው የሌላ ጣቢያ ኮሮጆ ሊጭን ሮብ ገበያ ላይ ቆመ። እንዳላማው ቦርሳውን አንግቶ፣ ማርቆስ የሚሄድ መኪና እየጠበቀ፣ ከመንገዱ ዳር ነበር።

ሲያያት ዞር ሊል ነበር።

«እንዳላማው!» ብላ ጠራችው። ፖሊሱ ቀና አለ። እሷ ኮሮጆውን ትታ መውረድ አትችልም፤ ስለዚህ እሱ መምጣት ነበረበት። መጣና የመኪናውን ጠርዝ ያዘ። ዓይኑ ቀልቷል።

«እኔን ሸሽተህ ነው?»

«አባቴን። አንቺንም።» አንገቱን ደፋ። «የማታውቂው ነገር አለ፣ ወንጌል። ትናንት…»

«ጋሼ ነግረውኛል። ‹ወንጌል የኔ ናት› አልካቸው።»

የቦርሳውን ማንገቻ አጥብቆ ያዘ።

«ያን ቃል በሰው ፊት እንድትለው ሁለት ዓመት ሙሉ ስመኝ ነበር» አለችው። እንባዋ መጣ፤ አልከለከለችውም። «የኔ ናት አላልክም፣ አባትህን ፈራህ፣ ሰዉን ፈራህ። ስትለው ለካ ሰዓት ልታሰርቀኝ ነው! ለምን አልጠየቅከኝም? እዚያው መስኮቱ ላይ፣ ለምን ዓይኔን አይተህ አልጠየቅከኝም?»

«እምቢ እንዳትይኝ ፈርቼ ነው።»

«እምቢ እልህ ነበር።»

«አውቃለሁ። ለዚያ ነው ያልጠየቅሁሽ።» ግንባሩን በብረቱ ላይ አሳረፈ። «ይቅር በይኝ አልልም፣ ወንጌል። አይገባኝም።»

«በል እንጂ! ካላልክ በምን አፌ ይቅር ልበልህ?»

ቀና አለ። ሾፌሩ ሞተሩን አስነሥቷል።

«ይቅር በይኝ» አለ እንዳላማው፤ ገበያተኛው ሁሉ እያየው ነበር። «እወድሻለሁ። ይቅር በይኝ።»

እጇን ልትሰጠው ፈለገች፤ ሁለቱም እጆቿ ግን ኮሮጆውን ይዘዋል።

«አባትህ አርባ ምንጭ ሽማግሌ ሊልኩ ነው» አለችው።

«ምን?»

«ሰምተሃል። ማርቆስ አትሂድ፤ ተመለስና መጀመሪያ እሳቸው እግር ላይ ውደቅ። እኔ ገና ተቀይሜሃለሁ፤ ቅያሜዬ ሲያልፍ እነግርሃለሁ። ግን እወድሃለሁ። እሱ የሚያልፍ አይደለም።»

መኪናው ተነሣ። እንዳላማው መንገዱ መሃል ቆሞ ቀረ፤ ትንሽ ቆይቶ ቦርሳውን ወደ ሌላው ትከሻው አዛወረና ፊቱን ወደ ተራራው፣ ወደ አባቱ ቤት መለሰ። ወንጌላዊት ኮሮጆው ላይ ተደፍታ ከትናንት ጀምሮ የታመቀውን ለቅሶ ለቀቀችው። ፖሊሱ ወደ ማሳው ዞሮ ገብስ የሚያይ መሰለ።

አንተነህ መሐረቡን አውጥቶ ዘረጋላት።

«መምህርት፣ ኮሮጆው ላይ አታልቅሺ» አላት በቀስታ። «ማኅተሙ ከራሰ አቤት የማለት ግዴታ አለብኝ።»

ወንጌላዊት ሳቀች። እንባዋ ግን አልቆመም።